የሚንሳፈፈውን ባቡር ለሕዝብ የማስረዳት መቶ ዓመት

በግንቦት 1914 ለንደን ውስጥ ሹማምንትና ጋዜጠኞች ተጠርተው አንድ ጎማ የሌለው ትንሽ የባቡር ሞዴል አዩ። (በዚህ ጽሑፍ ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ሞዴሉ የአሉሚኒየም ወለል ነበረው። በመስመሩ ላይ የተደረደሩት ጥቅልል ሽቦዎች ኤሌክትሪክ ሲለቀቅባቸው ብድግ ይላል፤ ከዚያ መስመሩን እንደ ቀለበት የከበቡት ሌሎች ማግኔቶች እየሳቡት ይፈተለካል። የፈጠራው ባለቤት ፈረንሳይ ተወልደው አሜሪካ የኖሩት ኤሚል ባሽሌ ነበሩ። ከተመልካቾቹ መካከል የዚያን ጊዜው የብሪታንያ ባሕር ኃይል ሚኒስትር ዊንስተን ቸርችል ይገኙበታል። ጋዜጦቹ በአድናቆት ጻፉ። ትንሹን ሞዴል ብድግ ያደረገው ዘዴ አንድ ሙሉ ባቡር ለማንሳት ምን ያህል ኤሌክትሪክ እንደሚፈጅ ግን ከአድናቆቱ ጋር አብሮ አልተነገረም። ኤሌክትሪኩ ከአቅም በላይ ነበር። ሦስት ወር ሳይሞላ የመጀመሪያው የዓለም ጦርነት ፈነዳ፤ የባሽሌ ባቡርም እዚያው ቀረ።

ይህን ታሪክ ከለንደኑ ትርኢት የምጀምረው ያለ ምክንያት አይደለም። ዛሬ ማግሌቭ የምንለው በማግኔት ኃይል ከመስመሩ ተነስቶ የሚሄድ ባቡር ከመቶ ዓመት በላይ ዕድሜ አለው። በዚህ ሁሉ ዘመን ማሳየት ቀላል፣ ማስረዳት ከባድ ሆኖ ኖሯል። ያየ ሁሉ ይደነቃል፤ እንዴት እንደሚሠራ፣ ምን እንደሚያስከፍል፣ ለማን እንደሚጠቅምና ማንን እንደሚጎዳ በቅጡ የተነገረው ሕዝብ ግን ጥቂት ነው።

ከሁሉ አስቀድሞ መመለስ የነበረበት ጥያቄ የተነሳው በ1842 ነው። እንግሊዛዊው ቄስና የሒሳብ ሊቅ ሳሙኤል ኧርንሾው፣ ቋሚ ማግኔቶችን እንዴትም ብንደረድር አንድን ነገር አየር ላይ አረጋግተው ሊያቆሙት እንደማይችሉ የሚያሳይ ሒሳብ አቀረቡ። ሁልጊዜ በአንድ በኩል ይንሸራተታል፤ ወይ ተስቦ ይጣበቃል፣ ወይ ተገፍቶ ይወድቃል። ሁለት ማግኔት ይዞ አንዱን በሌላው ላይ ለማንሳፈፍ የሞከረ ልጅ ሁሉ ይህን በእጁ ያውቀዋል።

መውጫ መንገዱን ያገኙት ጀርመናዊው መሐንዲስ ሄርማን ኬምፐር ናቸው። በሰሜን ምዕራብ ጀርመን ኖርትሩፕ በምትባል ትንሽ ቦታ የተወለዱት ኬምፐር ከ1922 ጀምሮ በዚህ ሐሳብ ተጠመዱ። የማግኔቱ ኃይል ቋሚ መሆኑ ይቅር፤ ባቡሩ ወደ ብረቱ ሲጠጋ ኃይሉ ይቀንስ፣ ሲርቅ ይጨምር አሉ። በነሐሴ 1934 የተሰጣቸው የፈጠራ መብት ስለ ጎማ አልባ ተሽከርካሪ ይናገራል፤ ተሽከርካሪው በብረት ሐዲድ ላይ በማግኔት ኃይል ተንሳፍፎ ይሄዳል። የኋለኛው የጀርመን ማግሌቭ በሙሉ የተሠራው በዚህ መርሕ ነው። የባቡሩ ክንፎች መስመሩን ከሥር አቅፈው ይይዙታል፤ ኤሌክትሮማግኔቶቹ ከታች ወደ ላይ እየተሳቡ ባቡሩን ያነሱታል። ክፍተቱን አንድ ሳንቲም ሜትር ገደማ አድርጎ የሚጠብቀው ደግሞ ለአፍታ እንኳ የማያርፍ የኤሌክትሮኒክስ ቁጥጥር ነው። በኬምፐር ዘመን እንዲህ ያለ ፈጣን ቁጥጥር አልነበረም፤ ሁለተኛው የዓለም ጦርነትም መጣ። ሐሳቡ ከሠላሳ ዓመት በላይ ተኛ።

በ1960ዎቹ ነገሩ በሦስት አገሮች በአንድ ጊዜ ነቃ። አሜሪካ ውስጥ የብሩክሄቨን ብሔራዊ ላቦራቶሪ ተመራማሪው ጄምስ ፓወል ኒው ዮርክ ድልድይ ላይ በመኪና ጭንቅንቅ ተይዘው ሳለ ሐሳቡ እንደመጣላቸው ተናግረዋል። ከባልደረባቸው ጎርደን ዳንቢ ጋር በ1966 ያቀረቡት ዘዴ ከኬምፐር የተለየ ነበር። አንዳንድ ብረቶች እጅግ ሲቀዘቅዙ ኤሌክትሪክን ያለ አንዳች ተቃውሞ ያስተላልፋሉ፤ ሱፐርኮንዳክተር ይባላሉ። በባቡሩ ላይ እንዲህ ያለ ኃይለኛ ማግኔት ተጭኖ በፍጥነት ሲያልፍ በመስመሩ ጥቅልሎች ውስጥ ኤሌክትሪክ ይቀሰቅሳል፤ የተቀሰቀሰውም ኤሌክትሪክ ራሱ ማግኔት ሆኖ ባቡሩን ያነሳል። ለማንሳፈፍ የሚያስፈልገው ፍጥነት ነው፤ ስለዚህ ባቡሩ ሲነሳና ሲቆም ጎማ ይፈልጋል።

ብሪታንያ ውስጥ ደግሞ የኢምፔሪያል ኮሌጁ ፕሮፌሰር ኤሪክ ሌይትዌይት በሊኒየር ሞተር ላይ ይሠሩ ነበር። ይህ የሚሽከረከር ክፍል የሌለው፣ ተተርትሮ በመስመሩ ርዝመት የተዘረጋ ሞተር ነው። ከዚህ ታሪክ ሰዎች ሁሉ እኔ አብልጬ የማከብረው ሌይትዌይትን ነው። ምክንያቱም ለሕዝብ ማስረዳትን ከምርምሩ እኩል ሥራቸው አድርገው ያዙ። በ1966 በሮያል ኢንስቲትዩሽን ለልጆች የሚሰጠውን የገና ትምህርት እሳቸው ሰጡ፤ ትምህርቱም በቢቢሲ ቴሌቪዥን ተላለፈ። የአሉሚኒየም ሰሌዳ በጠረጴዛ ላይ እያንሳፈፉ፣ ለምን እንደሚነሳ በልጆች ፊት ደረጃ በደረጃ አሳዩ። መንግሥት ግን ሊኒየር ሞተር የተገጠመለትን፣ በአየር ትራስ ላይ የሚሄደውን የሙከራ ባቡር በየካቲት 1973 ሰረዘው። ተሽከርካሪው ኬምብሪጅሽር ውስጥ በሰዓት ከ160 ኪሎ ሜትር በላይ ከሮጠ ገና ጥቂት ቀን ነበር። ሌይትዌይት ዝም አላሉም፤ በአደባባይ ተሟገቱ። ውሳኔው አልተቀለበሰም።

ጃፓን ጸጥ ብላ ሠራች። ብሔራዊው የባቡር ድርጅት ምርምሩን የጀመረው በ1962 ነው፤ የመጀመሪያው ሺንካንሰን በቶኪዮና በኦሳካ መካከል ከመከፈቱ ሁለት ዓመት ቀድሞ ማለት ነው። በ1972 የጃፓን ባቡር መቶኛ ዓመት ሲከበር በሱፐርኮንዳክተር ማግኔት የሚንሳፈፍ ተሽከርካሪ ታየ። በ1977 ሚያዛኪ ላይ የሙከራ መስመር ተከፈተ። በታኅሣሥ 1979 ኤምኤል 500 የተባለው ሰው ያልጫነ ተሽከርካሪ በሰዓት 517 ኪሎ ሜትር ሮጠ።

በዚያው በ1979 ጀርመኖች በእኔ ግምት ከፍጥነት ክብረ ወሰን የሚበልጥ ነገር አደረጉ። በሃምቡርግ በተካሄደው ዓለም አቀፍ የትራንስፖርት ኤግዚቢሽን ላይ አንድ ኪሎ ሜትር እንኳ የማይሞላ መስመር ዘርግተው ትራንስራፒድ 05 የተባለውን ማግሌቫቸውን ለማንኛውም ጎብኚ ከፈቱት። ፍጥነቱ በሰዓት 75 ኪሎ ሜትር ብቻ ነበር። ነገር ግን ሰው ለመጫን ፈቃድ ያገኘ የመጀመሪያው ማግሌቭ ነው፤ ከ50,000 በላይ ሰዎችም ተሳፈሩበት። ከዚህ በኋላ ኤምስላንድ ውስጥ ላተን በተባለ ስፍራ 31.5 ኪሎ ሜትር የሙከራ መስመር ተሠራ። የአካባቢው ገበሬ ማሳው ጫፍ ላይ ቆሞ ባቡሩ በሰዓት 400 ኪሎ ሜትር ሲያልፍ ያይ ነበር፤ ጎብኚም ትኬት ገዝቶ ይሳፈራል።

በከተማ ውስጥ ሰው በየቀኑ የተገለገለበት የመጀመሪያው ማግሌቭ ግን የብሪታንያ ነው። በ1984 የበርሚንግሃምን አውሮፕላን ማረፊያ ከባቡር ጣቢያው ጋር የሚያገናኝ 600 ሜትር ያህል መስመር ተከፈተ፤ ባቡሩ ከመስመሩ 15 ሚሊ ሜትር ብቻ ከፍ ብሎ በሰዓት 42 ኪሎ ሜትር ይሄዳል። አሥራ አንድ ዓመት ሠራ። በ1995 የተዘጋው መለዋወጫ ስለጠፋ ነው፤ በዓለም ላይ ሌላ እንደሱ ያለ ባቡር ስላልነበረ ዕቃው ሁሉ ለብቻው መሠራት ነበረበት። ኤም ባን የተባለው የምዕራብ በርሊን ማግሌቭ ደግሞ ዕጣው ሌላ ነበር። 1.6 ኪሎ ሜትር ርዝመት የነበረው ይህ መስመር የበርሊን ግንብ በከተማው መሐል የቆረጠውን የምድር ውስጥ ባቡር ለመተካት የተሠራ ነው። ተሳፋሪ መጫን የጀመረው በነሐሴ 1989 ሲሆን ግንቡ በኅዳር ፈረሰ። የተቆረጠው ባቡር ዳግም መገናኘት ነበረበት፤ ኤም ባን መንገዱ ላይ ቆሟል። በሐምሌ 1991 መደበኛ አገልግሎት በጀመረ በሁለት ወሩ ማፍረስ ተጀመረ።

በዚያው ጊዜ አሜሪካ ውስጥ የኒው ዮርኩ ሴናተር ዳንኤል ፓትሪክ ሞይኒሃን ጉዳዩን የራሳቸው አድርገው ያዙት። በ1991 የወጣው የትራንስፖርት ሕግ ለማግሌቭ ናሙና 725 ሚሊዮን ዶላር ፈቅዶ ነበር። ሕጉ ፈቀደ እንጂ በጀቱ አልተለቀቀም።

ጀርመን ከሁሉ ቀድማ ደርሳ ነበር። በበርሊንና በሃምቡርግ መካከል 292 ኪሎ ሜትር የትራንስራፒድ መስመር እንዲሠራ በ1994 ተወሰነ፤ ጉዞው ከአንድ ሰዓት ያነሰ እንዲሆን ታስቦ ነበር። ነገር ግን ሕዝቡ የቀረበለት የተሳፋሪ ትንበያ ደጋግሞ ወደ ታች ተከለሰ፣ የወጪ ግምቱም አልጸና አለ። ሰው ባቡሩን አልጠላም፤ ቁጥሩን ማመን አቃተው። በየካቲት 2000 ዕቅዱ ተሰረዘ። ሁለት ዓመት ቆይተው የባቫርያው ጠቅላይ ሚኒስትር ኤድመንድ ሽቶይበር ሙኒክን ከአውሮፕላን ማረፊያዋ ስለሚያገናኘው ትራንስራፒድ ንግግር አደረጉ። አሥር ደቂቃ ብቻ ስለሚፈጀው ጉዞ ሊያስረዱ ሲሞክሩ አረፍተ ነገራቸው እየተጠላለፈ ጠፋባቸው፤ ቅጂው ለዓመታት በመላ ጀርመን ተደመጠ። ለአንድ ትልቅ ቴክኖሎጂ ይህ ቀላል ጉዳት አይደለም። ብዙ ጀርመናዊ ስለ ማግሌቭ የሚያስታውሰው ያን ንግግር ሆኖ ቀረ።

ቴክኖሎጂውን የገዛችው ቻይና ናት። ውሉ በጥር 2001 ተፈረመ፤ በታኅሣሥ 31 ቀን 2002 የቻይናው ጠቅላይ ሚኒስትር ዡ ሮንግጂና የጀርመኑ መራሔ መንግሥት ጌርሃርድ ሽሮደር በሻንጋይ ባቡር ውስጥ አብረው ተቀመጡ። ከሎንግያንግ መንገድ እስከ ፑዶንግ አውሮፕላን ማረፊያ ያለውን 30 ኪሎ ሜትር ባቡሩ በሰባት ደቂቃ ከጥቂት ሰከንድ ይጨርሰው ነበር፤ ከፍተኛ ፍጥነቱም በሰዓት 431 ኪሎ ሜትር ነበር። ከውል እስከ ጉዞ ሁለት ዓመት ብቻ ነው የፈጀው። ይህን ፍጥነት አድንቀን ስናበቃ ከአምስት ዓመት በኋላ የሆነውን እንይ። በጥር 2008 መስመሩ በመኖሪያ ሰፈሮች በኩል ሊቀጥል ነው ሲባል በሺዎች የሚቆጠሩ የሻንጋይ ነዋሪዎች ወደ ሕዝብ አደባባይ ወጡ። ሰልፍ ስለማይፈቀድ የእግር ጉዞ ላይ ነን አሉ። የሚፈሩት ጩኸቱን፣ የቤታቸው ዋጋ መውደቁንና ከማግኔቱ ይወጣል ያሉትን ጨረር ነበር። በጀርመኑ ዓይነት ማግሌቭ ተሳፋሪው የተቀመጠበት ቦታ ያለው የማግኔት ኃይል ከመሬት የተፈጥሮ ማግኔት ጋር የሚቀራረብ ነው። ይህ ተለክቶ የታወቀ ነገር ነበር። ለነዋሪዎቹ በጊዜው፣ በሚያምኑት አፍ፣ ጥያቄያቸውን እየመለሰ ያስረዳቸው ሰው አለመኖሩ ነው ፍርሃቱን ያነገሠው። ማራዘሚያው አልተሠራም።

በመካከሉ ከባዱ ሐዘን ወርዶ ነበር። በመስከረም 22 ቀን 2006 ላተን ላይ ትራንስራፒድ 08 በሰዓት 170 ኪሎ ሜትር ገደማ እየሮጠ መስመሩ ላይ ከቆመ የጥገና ተሽከርካሪ ጋር ተጋጨ። 23 ሰዎች ሞቱ። መስመሩ ነጻ ሳይሆን ባቡሩ እንዲነሳ የፈቀደው የሰው ስህተት ነው፤ ማንሳፈፊያውም ሆነ ማግኔቱ አልከሸፈም። በብዙ ሰው አእምሮ ግን ማግሌቭ የሚባለው ነገር ራሱ አደገኛ ሆኖ ተመዘገበ። በመጋቢት 2008 የሙኒኩ ግምት ከ1.85 ቢሊዮን ወደ 3.4 ቢሊዮን ዩሮ አሻቅቦ ዕቅዱ ሲጣል ለትራንስራፒድ የቆመ ሰው ጥቂት ነበር። የላተን መስመር በ2011 መጨረሻ ሥራ አቆመ። የመጨረሻው ባቡር ትራንስራፒድ 09 ለጨረታ ቀርቦ የሄርማን ኬምፐር ቤተሰብ ድርጅት ገዛውና በ2017 ወደ ኖርትሩፕ ተወሰደ።

ለትርፍ ያልቆሙ አስረጂዎች ቦታ የሚታየው እዚህ ላይ ነው። ከ1970ዎቹ ጀምሮ የማግሌቭ ባለሙያዎች በየጊዜው ዓለም አቀፍ ጉባኤ ያደርጋሉ፤ ጉባኤው ግን በዋናነት መሐንዲስ ከመሐንዲስ የሚነጋገርበት ነበር። ከዚያው ክበብ የወጣው ዓለም አቀፉ የማግሌቭ ቦርድ ለትርፍ ያልተቋቋመ ማኅበር ሲሆን ሥራው ለባለሙያውም ለተራው ሰውም ስለዚህ ትራንስፖርት መረጃ ማቅረብ ነው። እንዲህ ያለ ማኅበር ምን ያህል እንደሚያስፈልግ የሻንጋይና የሙኒክ ታሪክ ይመሰክራል። ባቡሩን የሚሸጠው ኩባንያ ጥቅሙን ይናገራል፤ የሚቃወመው ፖለቲከኛ ጉዳቱን ይናገራል፤ ሁለቱንም መዝኖ የሚናገር ሦስተኛ ወገን ካልኖረ ሕዝቡ የሚመርጠው ከሁለት ጩኸት አንዱን ነው። ማኅበሩ ታማኝ ሊሆን የሚችለው ግን ማግሌቭ የማያዋጣበትንም ቦታ በግልጽ ሲናገር ነው። ከነባሩ ሐዲድ ጋር አይገናኝም፤ መስመሩ ከዜሮ መገንባት አለበት፤ ጥሩ ፈጣን ባቡር ቀድሞ ባለበት አገር ተጨማሪው ፍጥነት ወጪውን ላይመልስ ይችላል። እነዚህን የሸሸገ አስረጂ አሻሻጭ ነው።

ባቡሩ ራሱ በዝግታው መንገድ ቀጠለ። በመጋቢት 2005 ጃፓን ለአይቺ ዓለም አቀፍ ኤግዚቢሽን ሊኒሞ የተባለውን የከተማ ማግሌቭ ከፈተች፤ 8.9 ኪሎ ሜትር፣ ዘጠኝ ጣቢያ፣ በሰዓት 100 ኪሎ ሜትር። ኤግዚቢሽኑ አልቆ ሊኒሞ ግን ተማሪና ሠራተኛ እያመላለሰ ዛሬም ይሠራል። በ2016 ደቡብ ኮሪያ በኢንቾን፣ ቻይና በቻንግሻ፣ በ2017 መጨረሻ ደግሞ ቤጂንግ የየራሳቸውን የከተማ ማግሌቭ ከፈቱ። ጸጥተኛ ነው፣ ሐዲድና ጎማ አይፋጭም፣ ዳገት ይወጣል። ስለ እነዚህ ዝግተኞች ዓለም ብዙ አያወራም፤ እኔ ግን ለሕዝብ ግንዛቤ ከፈጣኖቹ የበለጠ የሠሩት እነሱ ናቸው እላለሁ፤ ሰው በየቀኑ የሚሳፈርበትን አይፈራምና።

ትልቁ ፈተና ጃፓን ውስጥ ነው ያለው። በሚያዝያ 2015 ያማናሺ በሚገኘው የሙከራ መስመር ላይ ጄአር ሴንትራል የተባለው የባቡር ኩባንያ ማግሌቭ ሰው ጭኖ በሰዓት 603 ኪሎ ሜትር ሮጠ፤ ክብረ ወሰኑ እስከ ዛሬ ጸንቷል። ማግኔቱ በፈሳሽ ሂሊየም ከዜሮ በታች 269 ዲግሪ ይቀዘቅዛል፤ ባቡሩ በሰዓት 150 ኪሎ ሜትር አካባቢ ሲደርስ ጎማውን ሰብስቦ 10 ሳንቲም ሜትር ያህል ይነሳል። ኩባንያው ከሙከራ መስመሩ ጎን ባለው የክፍለ ሀገሩ ኤግዚቢሽን ማዕከል፣ በናጎያ ሙዚየምና በሕዝብ የሙከራ ጉዞ ለዓመታት ብዙ አስተምሯል። ከቶኪዮ ሺናጋዋ እስከ ናጎያ 286 ኪሎ ሜትሩን በ40 ደቂቃ የሚያደርሰው የቹኦ መስመር ግንባታ በ2014 ሲፈቀድ ሥራው በ2027 እንዲያልቅ ታቅዶ ነበር። ከመስመሩ 86 በመቶው ዋሻ ነው።

ባቡሩን የሚያውቅ ሕዝብ ታዲያ ያልተጠበቀ ጥያቄ አመጣ፤ የውሃ ጥያቄ። ዋሻው የሺዙኦካን ክፍለ ሀገር የሚያቋርጠው 9 ኪሎ ሜትር ለማይሞላ ርቀት ነው፤ ጣቢያም አይሠራላትም። ነገር ግን ከ600,000 በላይ ሰዎች የሚጠቀሙበት የኦኢ ወንዝ የሚነሳው ከዚያ ተራራ ነው። ኩባንያው ራሱ በ2013 ባወጣው የአካባቢ ጥናት የወንዙ ፍሰት በሰከንድ እስከ 2 ሜትር ኩብ ሊቀንስ እንደሚችል ገልጾ ነበር። የሻይ ገበሬው፣ የከተማ ውሃ ክፍሉ፣ አገረ ገዥው ውሃችንስ አሉ። ኩባንያው በኋላ ወደ ዋሻው የሚገባውን ውሃ ሁሉ ወደ ወንዙ እመልሳለሁ ብሎ ቃል ገባ፤ እንዴት እንደሚመልስ ክርክሩ ለዓመታት ቀጠለ። በ2024 ጄአር ሴንትራል 2027 እንደማይደረስበት፣ መስመሩም ከ2034 በፊት እንደማይከፈት አስታወቀ። ይህን መዘግየት ብዙዎች የሺዙኦካ ግትርነት ይሉታል። እኔ እንደዚያ አላየውም። ሕዝብ ሲገባው ማጨብጨብ ብቻ ሳይሆን መጠየቅም ይጀምራል፤ የኦኢ ገበሬ ያለ ጥያቄው ያንን ቃል አያገኝም ነበር።

አማርኛ ተናጋሪው ማኅበረሰብ ከዚህ ታሪክ ጋር የተገናኘው በዋሽንግተን በኩል ነው። ይህንኑ የጃፓን ባቡር ተጠቅሞ ዋሽንግተንን ከባልቲሞር በ15 ደቂቃ ሊያገናኝ የታሰበው መስመር ብዙ ኢትዮጵያውያን በሚኖሩበትና በሚሠሩበት አካባቢ ሊያልፍ ነበር። በ2021 ረቂቅ የአካባቢ ጥናቱ ለሕዝብ ሲቀርብ በተለይ በፕሪንስ ጆርጅ አውራጃ የሚኖሩ ሰዎች፣ ዋሻውና ድልድዩ በእኛ ሰፈር ያልፋል፣ ጣቢያው ግን ለእኛ አይቆምም ብለው ተቃወሙ። በ2025 የፌዴራል መንግሥቱ ሒደቱን አቋረጠው።

አሁን ባለንበት ጊዜ ሰው ከፍሎ የሚሳፈርበት ፈጣን ማግሌቭ በዓለም ላይ አንድ የሻንጋይ መስመር ብቻ ነው፤ እሱም ከ2021 ወዲህ በሰዓት ከ300 ኪሎ ሜትር አያልፍም። የቹኦ መስመር ሲከፈት ሁለተኛው ይሆናል። እስከዚያው በከተማችሁ የትኛውም ዓይነት አዲስ ባቡር ሊገባ ነው ከተባለ የአካባቢ ጥናቱን ጠይቁ፣ የተሳፋሪ ትንበያውን ማን እንደሠራው ጠይቁ፣ ጣቢያው የት እንደሚቆም ጠይቁ። የሚመልስላችሁ ከሻጩም ከተቃዋሚውም ነጻ የሆነ አካል ይሁን።